«ተቃራኒ» የሚለው ቃል በቦታው ይዋል

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፤

ይህን ደብዳቤ የምጽፈው በጋዜጣዎ የዜናና የአስተያየት ዓምዶች፣ እንዲሁም በሌሎች የአማርኛ መገናኛ ብዙኃን ዘወትር ስለሚገኝ አንድ ቃል አስተያየቴን ለማቅረብ ነው። ቃሉ «ተቃራኒ» ነው፤ «በተቃራኒው»፣ «ተቃርኖ» እና «ቅራኔ» የሚባሉት ዘመዶቹም አብረውት አሉ። ሁለት ነገሮች በማናቸውም መንገድ ተለይተው በተገኙ ቁጥር «ተቃራኒ ናቸው» ብሎ መጻፍ ልማድ ሆኗል። ጉዳዩ የአጻጻፍ ውበት ብቻ ቢሆን ኖሮ የአንባቢን ጊዜ ባልወሰድሁ ነበር። ነገር ግን ቃሉ ያለ ቦታው ሲገባ ያልተባለው እንደ ተባለ፣ ያልተጣላውም እንደ ተጣላ ሆኖ ለሕዝብ ይደርሳል።

ከቃሉ አሠራር ልነሣ። «ተቃረነ» ቀ፣ ረ፣ ነ በሚባሉ ሦስት ፊደላት የቆመ ግስ ነው፤ በእነዚሁ ፊደላት የሚጻፈው «ቀርን» በግዕዝ ቀንድ ማለት ነው። የግሱ አረባብ እንደ «ተጋደለ»፣ «ተካፈለ» እና «ተማከረ» ሁሉ ሁለት ወገኖች እርስ በርስ የሚያደርጉትን ነገር የሚያሳይ ነው፤ ብቻውን የሚጋደል እንደሌለ ብቻውን ተቃራኒ የሚሆንም የለም። ቀንድ ለቀንድ ተያይዘው የሚገፋፉ ሁለት በሬዎችን በዓይነ ኅሊናው የሚያይ ሰው የቃሉን ዋና ባሕርይ ወዲያው ይረዳል፤ በሬዎቹ ሊገጥሙ የቻሉት በአንድ ሜዳ ላይ ስለቆሙ ነው። ተቃራኒነትም እንዲሁ የጋራ ሜዳ ይፈልጋል። ረጅምና አጭር ተቃራኒ የሆኑት ሁለቱም በርዝመት ስለሚለኩ ነው፤ ሙቅና ቀዝቃዛም በሙቀት ይለካሉ። «ረጅም» እና «ቀዝቃዛ» ግን የቱንም ያህል ቢራራቁ ተቃራኒ አይባሉም፤ የሚገናኙበት መለኪያ የላቸውምና። ስለዚህ «ሁለቱ ባለሙያዎች ተቃራኒ አስተያየት ሰጡ» ብሎ የሚጽፍ ዘጋቢ አስቀድሞ ሁለቱ ስለ አንድ ጉዳይ መናገራቸውን ማረጋገጥ ይኖርበታል። አንደኛው ስለ ግብር መጠን፣ ሌላኛው ስለ ግብር አሰባሰብ ሥርዓት ተናግረው ከሆነ ሁለት የተለያዩ ጥያቄዎችን መለሱ እንጂ አልተቃረኑም።

ይህን ጉዳይ በጥንቃቄ ከመረመሩት ጥንታውያን ዋነኛው አርስቶትል ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ4ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው ይህ ፈላስፋ አንዱ ነገር በሌላው አንጻር የሚቆምባቸውን አራት መንገዶች ለይቶ አስቀምጧል። የመጀመሪያው የዝምድና ነው፤ እጥፍ እጥፍ የሚባለው ግማሽ ስላለ ነው። ሁለተኛው የጠባያት ተቃራኒነት ነው፤ ክፉና ደግ ይህን ይመስላሉ። ሦስተኛው የመኖርና የማጣት ነው፤ ማየትና ዕውርነት በዚህ ይመደባሉ። አራተኛው ማጽናትና ማፍረስ ነው፤ «ተቀምጧል» እና «አልተቀመጠም» እንደሚባለው። እኔን እጅግ የሚያስደንቀኝ አማርኛ ለእነዚህ መንገዶች ለእያንዳንዳቸው የየራሱ መሣሪያ ያለው መሆኑ ነው፤ ቅሬታዬም ይህን ሁሉ መሣሪያ ትተን በአንድ ቃል ብቻ ለመሥራት ከመሞከራችን የመጣ ነው።

ለዝምድናው ቋንቋው አንዱን ሥር ለሁለት ሲከፍል እናያለን፦ አከራይና ተከራይ፣ አበዳሪና ተበዳሪ፣ ከሳሽና ተከሳሽ። ከእነዚህ አንዱ ከጠፋ ሌላውም ይጠፋል፤ ተበዳሪ የሌለው አበዳሪ ገንዘብ ያለው ሰው ነው እንጂ አበዳሪ አይደለም። የአከራዮችንና የተከራዮችን ጉዳይ የሚዘግብ ጽሑፍ ሁለቱን «ተቃራኒ ወገኖች» ብሎ ሲጀምር የዘገባው ቃና ገና ከመግቢያው ወደ ጠብ ያዘነብላል፤ አንዱ ውል ሁለቱንም እንደሚያስተሳስራቸው፣ በቤቱ ደኅንነትም ሁለቱ እኩል ጥቅም እንዳላቸው የሚያስብ አንባቢ አይኖርም። «ተዋዋይ ወገኖች» የሚል የታወቀ ቃል እያለን ይህን ማድረግ አይገባም።

ለማጣት ደግሞ «አልባ»፣ «የለሽ»፣ «ቢስ» እና «አጥ» አሉን። አርስቶትል በዚህ ላይ የሰጠው ማስተዋል እስከ ዛሬ ይጠቅማል፦ ጥርስ የሌለውን ሁሉ ጥርስ አልባ አንለውም፤ በተፈጥሮው ጥርስ ሊኖረው በሚገባው ጊዜ ያጣውን ብቻ ነው እንዲህ የምንለው። ድንጋይ ባያይም ዕውር የሚለው የለም። «ሥራ አጥ» የሚለውን ቃላችንን በዚህ ዓይን እንመልከተው። የሁለት ዓመት ሕፃን ሥራ የለውም፤ ሥራ አጥ ግን አይደለም። ጡረታ የወጣ አዛውንትም፣ ሙሉ ጊዜውን ለትምህርት የሰጠ ተማሪም እንደዚሁ ናቸው። በሥራ አጥነት ስሌት የሚቆጠረው ሥራ የሌለው ሰው ሁሉ ሳይሆን ለመሥራት ዝግጁ ሆኖ ያጣው ነው። «ሥራ ያለው» እና «ሥራ አጥ» ሙሉ ሕዝቡን ለሁለት የሚከፍሉ ተቃራኒዎች እንደሆኑ አድርጎ የሚጽፍ ሰው ከመቶ ላይ የሥራ አጡን ድርሻ ቀንሶ የቀረውን ሁሉ ሠራተኛ ያደርገዋል፤ እንዲህ ያለ ስሌት በጽሑፎች ውስጥ ሲያጋጥም አዝናለሁ፤ ስሕተቱ ከቁጥሩ በፊት በቃሉ ላይ የተሠራ ነውና።

ለማፍረስ ከግዕዝ የወረስነው «ኢ-» አለ፤ ለጠላትነት ደግሞ «ፀረ-» አለ፤ ፀር ጠላት ነው። በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ቀላል አይደለም። አንድ አሠራር «ኢ-ዴሞክራሲያዊ» ነው ስንል የዴሞክራሲ ባሕርይ የለውም ማለታችን ነው፤ ምናልባትም ማንም ክፉ ሳያስብ በልማድ የቆየ አሠራር ሊሆን ይችላል። «ፀረ-ዴሞክራሲ» ስንለው ግን ዴሞክራሲን የሚዋጋ አድርገነዋል፤ ይህ ክስ ነው፤ ክስ ደግሞ ማስረጃ ይፈልጋል። «ተጻራሪ» የሚለውም ቃል የዚሁ የ«ፀር» ዘመድ ስለሆነ በትክክል «ተፃራሪ» ተብሎ ሊጻፍ ይገባዋል፤ እርሱም ከ«ተቃራኒ» ይልቅ ጠላትነቱ የጠነከረ ነው። ሁለቱን በአንድ አንቀጽ ውስጥ ለድግግሞሽ ማስወገጃ ብቻ እያፈራረቁ መጻፍ ትክክል አይመስለኝም።

አሁን ወደ ዋናው ነጥቤ ልምጣ። ከተቃራኒዎች መካከል አንዳንዶቹ በመካከላቸው ሰፊ ቦታ አላቸው፤ ሌሎቹ ምንም ቦታ የላቸውም። ሙቅ ያልሆነ ውኃ የግድ ቀዝቃዛ አይደለም፤ ለብ ያለ ሊሆን ይችላል። ሀብታም ያልሆነ ሰው የግድ ድኃ አይደለም። ለሁለት ያለ ቀሪ የሚካፈልና የማይካፈል ቁጥርን በተመለከተ ግን ሦስተኛ የሚባል ነገር የለም፤ አንዱን መካድ ሌላውን ማጽናት ነው። በጋዜጣ ላይ የሚፈጸሙት ከባድ ስሕተቶች አብዛኛውን ጊዜ የመጀመሪያውን ዓይነት እንደ ሁለተኛው አድርጎ ከመውሰድ የሚመጡ ናቸው። «አልደገፈም» የተባለው ሰው በርእሱ ላይ «ተቃወመ» ይሆናል፤ «አልተቃወመም» የተባለው ደግሞ «ደገፈ»። በመካከል ያለው፣ ገና እያሰበ ያለው፣ ጉዳዩ የማይመለከተው፣ ወይም መናገር ያልፈለገው ሰው በሙሉ ከቦታው ይፈናቀላል። ሕግ እንኳ ይህን ልዩነት ይጠብቃል። በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት የጸጥታው ምክር ቤት አንድ ውሳኔ እንዲያልፍ ከ15ቱ አባላት ቢያንስ የ9ኙን ድጋፍ ይፈልጋል፤ ከአምስቱ ቋሚ አባላት የአንዱ ተቃውሞ ውሳኔውን ይጥለዋል፤ የዚያው አባል ድምፀ ተዓቅቦ ግን አይጥለውም። አለመደገፍና መቃወም አንድ ቢሆኑ ኖሮ በዚያ አዳራሽ የጸደቁ ብዙ ውሳኔዎች ባልጸደቁ ነበር። «ድምፀ ተዓቅቦ» የሚል የረጋ ቃል ያለው ቋንቋ የመካከሉን ቦታ ያውቃል ማለት ነው፤ ቦታውን የዘነጋነው እኛ ጸሐፊዎቹ ነን።

ከዚህ ጋር የተያያዘና በተለይ ለአማርኛ ጸሐፊዎች አስቸጋሪ የሆነ አንድ ዓረፍተ ነገር አለ፤ ጥቂት እንድቆይበት ይፈቀድልኝ። «ሁሉም ነጋዴዎች ግብር ከፍለዋል» የሚል መግለጫ ወጣ እንበል። ይህን የሚያፈርሰው ንግግር «ግብር ያልከፈለ ነጋዴ አለ» የሚለው ነው፤ አንድ ብቻ ቢገኝ እንኳ መግለጫው ሐሰት ይሆናል። ከመግለጫው እጅግ የራቀው ንግግር ግን «ማንም ነጋዴ ግብር አልከፈለም» የሚለው ነው። እነዚህ ሁለት መልሶች ፈጽሞ አንድ አይደሉም፤ የመጀመሪያው እውነት ሲሆን ሁለተኛው ሐሰት ሊሆን ይችላል፤ እንዲያውም ግማሹ ከፍሎ ግማሹ ባልከፈለበት ከተማ መግለጫውም፣ «ማንም አልከፈለም» የሚለው መልስም ሁለቱ በአንድነት ሐሰት ናቸው። እንግዲህ አንድ ዘጋቢ መግለጫውን ለመቃወም «ሁሉም ነጋዴዎች ግብር አልከፈሉም» ብሎ ቢጽፍ ምን ማለቱ ነው? አንዳንዱ አንባቢ «አንድም የከፈለ የለም» ብሎ ይረዳዋል፤ ሌላው «ከፋዮች አሉ፣ ሁሉም ግን አይደሉም» ብሎ ይረዳዋል። ሁለቱም አማርኛ ዐዋቂዎች ናቸው፤ ዓረፍተ ነገሩም ሁለቱን ትርጉም ይሸከማል። በንግግር ጊዜ የድምፅ አጣጣል ይለየው ይሆናል፤ በታተመ ወረቀት ላይ ግን ድምፅ የለም። «ከነጋዴዎቹ ግብር ያልከፈሉ አሉ» ወይም «ማንም ነጋዴ ግብር አልከፈለም» ብሎ መለየት ከሁለት ወይም ከሦስት ቃላት በላይ አያስፈልገውም፤ በአንድ ከተማ ነጋዴዎች ሁሉ ስም ላይ የሚያመጣው ልዩነት ግን ትልቅ ነው። በአመክንዮ ትምህርት እርስ በርስ የሚፋረሱት፣ ማለትም አንዱ እውነት ከሆነ ሌላው የግድ ሐሰት፣ አንዱ ሐሰት ከሆነ ሌላው የግድ እውነት የሚሆኑት ለብቻቸው ስም አላቸው። እኔ «ተቃርኖ» የሚለውን ቃል ለዚህ ብቻ ብንጠብቀው፣ «ተቃራኒ» የሚለውንም በመካከላቸው ቦታ ላላቸው ጠባያት ጭምር ብንተወው ብዙ ግርታ ይወገድ ነበር ብዬ አምናለሁ።

«ቅራኔ» የደረሰበት ሁኔታም ትምህርት የሚሰጥ ነው። በ1966 ዓ.ም. አብዮትና ከዚያ በኋላ በነበሩት ዓመታት በታተሙ የፖለቲካ ጽሑፎች «የመደብ ቅራኔ» እና «የማይታረቅ ቅራኔ» የሚሉ ሐረጎች የዘወትር ቃላት ነበሩ፤ በዚያን ጊዜ ቃሉ በኅብረተሰብ አሠራር ውስጥ አብረው የሚኖሩና የሚታገሉ ኃይሎችን ግንኙነት የሚገልጽ የንድፈ ሐሳብ ቃል ነበር። ዛሬ «ሁለቱ ጓደኛሞች ቅራኔ ውስጥ ገቡ» ሲባል መጣላታቸው ነው። ሐሳብን ለመግለጽ የገባው ቃል የጠብ ስም ሆኖ ወጣ ማለት ነው። «ተቃራኒ» በዚሁ ጎዳና ላይ እየተጓዘ ነው ብዬ የምሰጋው በዚህ ምክንያት ነው። ለስፖርት ዘገባ «ተጋጣሚ» የሚል እንከን የሌለው ቃል እያለ «የተቃራኒ ቡድን» መባሉ፣ በስብሰባ ዘገባ ጥያቄ ያቀረበ ሁሉ «ተቃራኒ ሐሳብ አንጸባረቀ» መባሉ የዚሁ ምልክት ነው። በፖለቲካው መድረክ ከ2010 ዓ.ም. ወዲህ «ተቃዋሚ ፓርቲ» በሚለው ቦታ «ተፎካካሪ ፓርቲ» የሚለው አጠራር ሲስፋፋ ብዙዎች ቃሉ የለዘበ በመሆኑ ደስ ተሰኝተዋል። መልካም ሐሳብ ነው፤ ሆኖም «ተቃወመ» ከ«ቆመ» የወጣ፣ ፊት ለፊት መቆምን የሚያሳይ ቃል ሲሆን «ተፎካከረ» ግን ከ«ፎከረ» ጋር የሚዛመድ መሆኑ መታሰብ አለበት። መቆም ከመፎከር የከፋ ነው የሚል ማስረጃ በቋንቋው ውስጥ አላገኘሁም።

ተቃራኒ መሆን ጠላት መሆን እንዳልሆነ ማንም የፊዚክስ ተማሪ ያውቀዋል፦ ተመሳሳይ ዋልታዎች ይገፋፋሉ፣ ተቃራኒ ዋልታዎች ይሳሳባሉ። ማግኔትን ለሁለት ብንሰብረው እንኳ ሰሜኑን ከደቡቡ መለየት አንችልም፤ እያንዳንዱ ስባሪ ሁለቱንም ዋልታዎች ይዞ ይገኛል። የሕዝቡም አነጋገር ይህን ያውቃል። ክፉና ደግን አጣምረን «ክፉ ደጉን የማያውቅ ሕፃን» ስንል የሕይወትን መልክ ሁሉ ማለታችን ነው፤ «ውጣ ውረድ» ድካምን በሙሉ ይጠቀልላል፤ «ከሊቅ እስከ ደቂቅ» የቀረ ሰው እንዳይኖር አድርጎ ይሰበስባል። ተቃራኒዎቹ የአንድ መለኪያ ሁለት ጫፎች ስለሆኑ ጫፎቹን የያዘ ሰው መካከሉንም ይዟል።

ከሁሉ አብዝቶ የሚያስቸግረው ግን «በተቃራኒው» ነው። ይህ ቃል በአሁኑ ጊዜ ማናቸውንም ሁለት ዓረፍተ ነገሮች ማያያዣ ሆኗል። «በሰሜኑ የአገሪቱ ክፍል ዝናቡ ቀድሞ ገብቷል፤ በተቃራኒው በደቡቡ ክፍል የመንገድ ጥገና ተጀምሯል» የሚል ዓረፍተ ነገር ማንበብ አዲስ ነገር አይደለም። ዝናብና የመንገድ ጥገና ምን አቃረናቸው? እዚህ የሚያስፈልገው «በሌላ በኩል» ወይም ተራው «ደግሞ» ነው። በሰሜኑ ዝናቡ በዝቶ በደቡቡ ቢያንስ ኖሮ «በአንጻሩ» ይበቃ ነበር። «አንጻር» ፊት ለፊት መተያየትን የሚያሳይ፣ ማየት ማለት ከሆነው «ነጸረ» ጋር የተዛመደ ቃል ነው፤ ሁለት ነገሮችን አቁሞ ያስተያያል እንጂ አንዱን በሌላው አያፈርስም። የተባለውን ነገር አፍርሶ በምትኩ ሌላ ማቆም ሲያስፈልግ ደግሞ «ይልቁንም» አለ። «በተቃራኒው» በእውነት የሚያስፈልገው አንዱ ነገር ወደ አንድ ጫፍ ሲሄድ ሌላው በዚያው መለኪያ ላይ ወደ ሌላው ጫፍ በሚሄድበት ጊዜ ነው፦ «አቅርቦቱ ሲጨምር ዋጋው ይቀንሳል ተብሎ ነበር፤ በተቃራኒው ጨመረ»። በአንድ የዜና ገጽ ላይ እንዲህ ያለ ሁኔታ ስንት ጊዜ ሊያጋጥም እንደሚችል የጋዜጣዎ አራሚዎች ከእኔ የተሻለ ይፈርዳሉ። ለእነርሱ ያለኝ ልመና ቃሉን ባገኙት ቁጥር መለኪያው ምን እንደሆነ እንዲጠይቁ፣ መለኪያ ካጡም እንዲሰርዙት ነው።

በመጨረሻም ልማዱ የሚጀምረው ከትምህርት ቤት ስለሆነ መምህራን አንባቢዎችዎን በዚሁ አጋጣሚ ላነጋግራቸው። «ለሚከተሉት ቃላት ተቃራኒ ፍቺ ስጡ» የሚለው መልመጃ በአማርኛ ትምህርት ውስጥ ሁላችንም ያለፍንበት ነው። በዚያ ዝርዝር ረጅም፣ ሕያው፣ ሸጠ እና አሰረ ጎን ለጎን ይሰለፋሉ፤ ተማሪውም አጭር፣ ሙት፣ ገዛ እና ፈታ ብሎ ሙሉ ነጥብ ያገኛል። የመጀመሪያው በደረጃ የሚለካ፣ ሁለተኛው መካከል የሌለው፣ ሦስተኛው አንዱን ድርጊት ከሁለት ወገን የሚያይ፣ አራተኛው የተሠራውን መልሶ የሚያፈርስ መሆኑን ግን ማንም አይነግረውም። ከዚህም በላይ ቃሉ ያለ ዓረፍተ ነገር ብቻውን ስለሚቀርብለት አንድ ቃል አንድ ተቃራኒ ብቻ ያለው ይመስለዋል። «ወጣ» ከቤት ከሆነ ገባ፣ ተራራ ላይ ከሆነ ወረደ ነው። «ገዢ» በገበያ ሻጭ፣ በአስተዳደር ተገዢ ይቆምለታል። «ደረቅ» የሚለውን ቃል ብቻ ብንወስድ፣ የደረቅ ልብስ ተቃራኒ እርጥብ ልብስ ነው፤ የደረቅ ቆሻሻ ፈሳሽ ቆሻሻ፣ የደረቅ ሳል አክታ ያለው ሳል፣ የደረቅ ወደብ የባሕር ወደብ፣ የደረቅ ቼክ ደግሞ በቂ ስንቅ ያለው ቼክ ነው። ከእነዚህ አንዱን ብቻ በመልስ መስጫው ላይ ጽፎ ሌላውን ስሕተት ማለት ተገቢ አይደለም። መልመጃው ቃሉን በዓረፍተ ነገር ውስጥ አድርጎ ቢጠይቅ፣ ተማሪውም የመረጠው ተቃራኒ ከየትኛው ዓይነት እንደሆነና በሁለቱ መካከል ሌላ ነገር ይኖር እንደሆነ በአንድ መስመር እንዲያስረዳ ቢደረግ መምህሩ ለማረም ጥቂት ተጨማሪ ጊዜ ይፈልግ ይሆናል፤ ተማሪው ግን ከዓመታት በኋላ ዘጋቢ ሆኖ «አልደገፈም» የሚል ቃል በማስታወሻው ላይ ሲያገኝ ርእሱን ከመጻፉ በፊት ምን መጠየቅ እንዳለበት ያውቃል።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር፣
የጋዜጣው የዘወትር አንባቢ